በመዶሻ የገባ ቪቴ

ሀብተወልድ ከከተማው ግንብ በሮች አንዱ በሆነው በኤረር በር አጠገብ ጠባብ ሱቅ ይዞ፣ በየቤቱ እየዞረ የበር እጀታና ቁልፍ መግጠም ከጀመረ ሃያ ስድስት ዓመት ሆነው። እጁ ፈጣን ነው። የፍጥነቱ ምስጢር ብዙ ገጣሚዎች የሚያውቁት ዘዴ ነው፦ ቪቴውን፣ ያን ጥርሳም ብሎን፣ በመዶሻ ሦስቴ ይመታና የመጨረሻዋን ዙር ብቻ በካቻቪቴ ያጠብቃል። ላየው ሰው ጥብቅ ያለ ነው።

ማክሰኞ ጠዋት እማማ መርየም ወደ ሱቁ መጡ። በአንድ እጃቸው የግቢያቸውን በር እጀታ ይዘዋል፤ ሌላውን እጃቸውን በሻሽ ጠምጥመውታል።

«ሀብቴ፣ ዕቃህን ይዤልህ መጣሁ።»

«ምን ሆኖ ነው እማማ?»

«በሩን ሳብኩት፤ በሩ እዚያው ቀረ፣ እኔ መሬት ላይ ተቀመጥኩ። ወላሂ፣ ፍየሏ ሳትቀር ሳቀችብኝ!»

ሀብተወልድም ሊስቅ ነበር። እጀታውን ሲያገላብጠው ግን አራቱም ቪቴዎች እንደተሰኩ ናቸው። አንዱም አልተሰበረም፣ አልተጣመመም። በጥርሶቻቸው መካከል የእንጨት ዱቄት ሞልቷል።

ነገሩ እንዲህ ነው፤ አንዴ ከገባ አይረሳም። ቪቴ የሚይዘው በጥርሱ ነው። ቀስ ብሎ ሲዞር ጥርሱ እንጨቱ ውስጥ የራሱን መንገድ ያወጣል፤ እንጨቱም መልሶ ይነክሰዋል። በመዶሻ ሲመታ ግን ጥርሱ በመንገዱ ያገኘውን ሁሉ እየቦጨቀ ይወርዳል፣ እንጨቱን ዱቄት ያደርገዋል። ያኔ ቪቴ መሆኑ ቀርቶ ምስማር ይሆናል፤ ያውም ደካማ ምስማር! የመጨረሻዋ ዙር ጭንቅላቱን ከማሳመር በቀር ምንም አትሠራም።

ሀብተወልድ ይህ ሁሉ በአንድ ጊዜ ታየው። ወዲያው ጋሼ ሚልኪያስ ትዝ አሉት።

ጋሼ ሚልኪያስ ልጅ ሳለ ያስተማሩት መምህሩ ናቸው፤ ዛሬ ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው። ባለፈው ሳምንት ከፎቅ ክፍላቸው በሚወርደው የድንጋይ ደረጃ ራስ ላይ፣ የበሩ መቃን ላይ፣ መደገፊያ እጀታ ገጥሞላቸዋል። በሦስት ምት። በየቀኑ አራት ሰዓት ላይ እሱን ይዘው ይወርዱና ፈረስ መጋላ አደባባይ ሻይ ይጠጣሉ።

ሰዓቱን አየ። ለአራት አሥር ጉዳይ።

የመሣሪያ ቦርሳውን አንጠልጥሎ ሮጠ። «ሱቁስ?» ብለው ጮኹበት እማማ መርየም።

ደረጃው ግርጌ ሲደርስ ጋሼ ሚልኪያስ ባርኔጣቸውን አድርገው፣ እጃቸውን ወደ እጀታው ዘርግተዋል።

«ጋሼ! አይንኩት!»

ሽማግሌው ደርቀው ቀሩ። «ምነው? እባብ ነው?»

«የኔ ሥራ ነው ጋሼ።»

ደረጃውን ወጥቶ እጀታውን በሁለት ጣቱ ጎተተው። እንደሚነቃነቅ ጥርስ ከነቪቴው መጣ። ሁለቱም ደረጃውን ቁልቁል አዩት፤ አሥራ አራት ድንጋይ።

«ሳምንቱን ሙሉ ይሄን ይዤ ነው የወረድኩት» አሉ ጋሼ፣ ድምፃቸው ዝቅ ብሎ።

ሀብተወልድ ሥራውን እንደገና ጀመረ። አሮጌዎቹን ቀዳዳዎች ትቶ ጤነኛ እንጨት ፈለገ። ረዘም ያለ፣ ወፈር ያለ፣ ጥርሱ የተራራቀ ቪቴ መረጠ። ጥርሱ የተጠጋጋው ለብረት ነው፤ ጥቁሩና ቀጭኑ ለጂብሰም ነው፣ የሰው ክብደት ሲያርፍበት ቀጭ ይላል። ከመቃኑ ጎን ለክቶ፣ ጠልቆ እንዲገባ ግን በወዲያ በኩል እንዳይወጣ አረጋገጠ። ከቪቴው በቀጠነ መሰርሰሪያ መንገድ በሳለት፤ ጥርሱን በደረቅ ሳሙና አሸት አደረገው። ከዚያ ከመጀመሪያዋ ዙር እስከ መጨረሻዋ በካቻቪቴ። እንጨቱ ሲነክሰው እጁ ላይ ተሰማው! ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ ይህ ስሜት አምልጦት ኖሯል።

ሲጨርስ እግሮቹን አንሥቶ ራሱ ተንጠለጠለበት። እጀታው ንቅንቅ አላለም።

«አሁን ይያዙት ጋሼ።»

ጋሼ ሚልኪያስ ግን ጎንበስ ብለው ከቦርሳው መዶሻውን አወጡ።

«ድሮ ክፍል ውስጥ ብይህን ስቀማህ ትዝ ይልሃል?»

«ይለኛል ጋሼ።»

«ይሄም እኔ ጋ ይቀመጣል። የገጠምካቸውን በሮች በሙሉ ዞረህ ስትጨርስ ና ውሰደው። ከማን ትጀምራለህ?»

«ከእማማ መርየም።»

ሽማግሌው መዶሻውን ከበሩ ጀርባ አስቀመጡ። እጀታውን ጨብጠው የመጀመሪያዋን ደረጃ ወረዱ። ሀብተወልድ ከፊታቸው ነበር፤ ሁለት እጁን ዘርግቶ፣ የኋሊት እየወረደ።