ወልደየሱስ ፊልም ላይ ሊወጣ ነው

ወልደየሱስ ፊልም ላይ ሊወጣ መሆኑን ያልሰማ ሰው በኬንያዋ ሞያሌ፣ ማንያታ ሰፈር ውስጥ ካለ፣ ያ ሰው ጆሮ የለውም ማለት ነው። ከናይሮቢ የመጣችው ፊልም ሠሪ ጆይስ ስለ ሞያሌ ምድርና ባህል አጭር ዘጋቢ ፊልም ልትሠራ አስተርጓሚ አድርጋ ይዛዋለች። እሱም ጢሙን ተላጭቶ አዲስ ኮፍያ ገዛ።

«አስተርጓሚ እኮ ከካሜራው ኋላ ነው የሚቆመው» አለችው ሚስቱ እታለማሁ።

«እኔ ከፊት ነኝ!»

የልቡን ታውቃለች። እዚህ ምግብ ቤት ከከፈተ ሠላሳ ዓመት ሆነው፤ ልጆቹም እዚሁ ተወልደው እዚሁ ተዳሩ። ሰዉ ግን አሁንም «ሐበሻው» ነው የሚለው። በክፋት አይደለም፤ ቢሆንም ይቆረቁረዋል። አንዴ እንኳ የአገሩ ሰው ሆኖ መታየት አማረው።

ከከተማው ወጣ ብላ ያለችው ቦሪ መንደር ሲደርሱ አዛውንቱ የቦረና ከብት አርቢ ኢብሳ በረታቸው ደጃፍ ቆመው ጠበቋቸው። ወልደየሱስ ለምግብ ቤቱ ፍየል የሚገዛው ከእሳቸው ነው። በመጀመሪያው ዓመት ሰላምታውን ሳይጨርስ ዋጋ ቢጠይቃቸው፣ ፍየላቸውን ጎትተው ጥለውት ሄደዋል። ያን ቀን የተማረውን እስከዛሬ አልረሳም።

«ነጋ?» አላቸው፤ በቦረና ቋንቋ ሰላም ነው ወይ ማለቱ ነው። ቤተሰቡስ? ላሞቹስ? ግመሎቹስ? ሳሩስ? ዝናቡስ? ኢብሳ ለእያንዳንዱ «ነጋ» እያሉ መለሱና በተራቸው ያንኑ ሁሉ ይጠይቁት ጀመር።

ጆይስ ፀሐይዋን አየች። ሜዳው እንዴት አምሮ ነበር! «ሙዜ፣ ሃራካ! ሽማግሌው፣ ቶሎ በል፣ ብርሃኑ ሊያልቅ ነው፤ ወደ ጥያቄው ግባ!»

«ብርሃኑ ነገም ይመጣል። ይህን ካቋረጥኩ ግን እሳቸው አይመጡም» አላትና ወደ ሰላምታው ተመለሰ።

ካሜራው እንደተከፈተ፣ ጥያቄው ሳይነሳ መሸ። በማግስቱ ኢብሳ ብቻቸውን ተቀረጹ፤ ወልደየሱስ እታለማሁ እንዳለችው ከካሜራው ኋላ ቆሞ አስተረጎመ። ቅር አለው፤ ለሳምንት ያህል ኮፍያውንም አላደረገ።

ከሁለት ወር በኋላ ፊልሙ እዚያው ሞያሌ፣ ቡቲዬ ሰፈር በሚገኝ አንድ አዳራሽ ታየ። ኢብሳም ከቦሪ መጥተው ከወልደየሱስና ከእታለማሁ አጠገብ ተቀመጡ። ገና ሲጀምር የወልደየሱስ ኮፍያ ከነጀርባው ፊልሙ ላይ ብቅ አለ። ፊቱ የለም። «ነጋ?» ሲል ግን አዳራሹ በሙሉ «ነጋ!» ብሎ መለሰለት። ከሥሩ በስዋሂሊ ጽሑፍ ወጣ፦ «ሁለት የቦሪ ሽማግሌዎች ሰላምታ ሲለዋወጡ»።

እታለማሁ በሳቅ ፈረሰች። «የቦሪ ሰው የሆንከው መቼ ነው?»

«ጆይስ ተሳስታለች፤ አርሚው ልበላት» ብሎ ሊነሳ ሲል ኢብሳ ክንዱን ያዙት።

«ተቀመጥ። የጻፈችው ልክ ነው።»

ተቀመጠ። አዲሱን ኮፍያ አውልቆ እንባውን ጠረገበት።