ባዶው ሳጥን

በፎክላንድ ደሴቶች ምርጫ ሲደርስ፣ ሞሪን የድምፅ መስጫ ሳጥኑን ይዛ በትንሽ አውሮፕላን ከደሴት ደሴት ትዞራለች። የዛሬው የመጀመሪያ መራጭ፣ ደሴቱ ላይ ብቻውን የሚኖር ሽማግሌ በግ አርቢ ነው። ጭቃ የጠገበ ቦቲውን ሳያወልቅ ከረባት አስሮ ጠበቃት። ከእሷ በቀር ሰው በሌለበት ቤት ድምፁን በምስጢር ሊሰጥ እሷ የዘረጋችውን መጋረጃ ግጥም አድርጎ ዘግቶ ብዙ ቆየ። ሲወጣ በመስኮቱ ከማዶው ደሴት የሚወጣውን ጭስ አየ።

«ያ ግትር ወንድሜ ጋ ሄደሻል?»

«ከዚህ ቀጥዬ ነው፣ አባባ። ዛሬም አልታረቃችሁም?»

«እሱ ይምጣ! አስራ አንድ ዓመት ጠብቄዋለሁ።» ወረቀቱን አጣጥፎ ሳጥኑ አፍ ላይ ያዝ አደረገው። «የሱም እዚሁ ነው የሚገባው?»

«እዚሁ።»

ወረቀቱን ባዶው ሳጥን ውስጥ ለቀቀው።

«በይ ቶሎ ሂጂ። እዚህ ውስጥ ብቻዬን እንዳታስቆዪኝ።»