የማማ ሙኒራ ፀጉር እና የእኔ ክንድ

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ ቃልኪዳን ከገበያ ተመልሳ አንድ ሰዓት ያህል ጓዳ ከቆየች በኋላ አንድ ትንሽ ፓኬት ጭኔ ላይ አስቀመጠችና "እማ፣ ለሽበትሽ ነው" አለችኝ። ፓኬቱ ላይ ፀጉሯ እስከ ወገቧ የወረደ ሴት ትስቃለች። ከሥሯ በዐረብኛና በእንግሊዝኛ ተጽፏል። እኔ ከአራተኛ ክፍል አላለፍኩም፤ ስምንተኛ ክፍል የደረሰችው ልጄ አነበበችልኝ። ጥቁር ሂና፣ ከቅጠል ብቻ የተሠራ፣ በግማሽ ሰዓት የሚይዝ።

አሳቢ ልጅ ናት። ሽበቴን በተራ ሂና ስቀባው እንደ ብርቱካን ልጣጭ እየሆነብኝ በሻሽ ስሸፍነው ስላየች ነው። እኔ ግን ምስጋናውን ረስቼ ፓኬቱን ወደ አፍንጫዬ ወሰድኩት። ጫፉ ትንሽ ተቀዷል፤ ነጋዴው ለሰው ሊያስሸትት ከፍቶት ይሆናል ብዬ አለፍኩት። ንጹሕ ሂና የሚሸተው እንደ ረጠበ ድርቆሽ ነው። ይሄኛው አፍንጫ ይወጋል። ያንን ሽታ አውቀዋለሁ። ያወቅሁት በሃያዎቹ ዕድሜዬ፣ ሳዑዲ፣ አል ኾበር ሳለሁ ነው።

ነሐሴ 2008 ነበር። ከሄድኩ ሦስት ዓመት አልፎኛል። የምሠራው አል ዑለያ በሚባለው ሰፈር፣ ከሱቆቹ በላይ ባለ አንድ ሰፊ አፓርታማ ውስጥ ነበር። የኾበር ነሐሴ ከሙቀቱ ይልቅ እርጥበቱ ይከፋል። ጠዋት ቆሻሻ ልጥል ስወጣ የደረጃው መስኮት ከውጭ በኩል እንደ ሰው አልቦት አገኘዋለሁ። በዚያ ወቅት ከአል አሕሳ እሸት ተምር ይመጣል፤ ግማሹ ቢጫ፣ ግማሹ ቡናማ፣ አፍ ውስጥ የሚሟሟ። ዛሬም ነሐሴ ሲባል መጀመሪያ የሚመጣብኝ የዚያ ተምር ጣዕም ነው፤ ቀጥሎ ደግሞ ፍርሃቱ።

የተቀጠርኩት የቤቱን ጌታ፣ የባባን እናት ማማ ሙኒራን ልንከባከብ ነው። እጇ የሚንቀጠቀጥ፣ ያለ መነጽር በሩን ከግድግዳው የማትለይ፣ ግን አፏ የሰላ አሮጊት ነበረች። የሺ የሚለው ስሜ አልያዝ ብሏት አይሻ ነበር የምትለኝ። የባባ ሚስት ማዳም በመጀመሪያው ቀን የመድኃኒቱን ሰዓት ስታሳየኝ ጣቷን አንስታ "ሰብጋ ማፊ" አለችኝ። ሰብጋ የሱቅ የፀጉር ቀለም ነው፤ ማፊ ደግሞ የለም ማለት ነው። እኔ ከመምጣቴ በፊት አንድ የውበት ሳሎን ውስጥ ፀጉሯን ጥቁር ቀብተዋት ፊቷ ዓይኗ እስኪጠፋ አብጦ፣ ትንፋሿ አጥሮ ሆስፒታል ገብታ ነበር። ከዚያ ወዲህ የሚነካት ሂና ብቻ ነው። በነጭ ፀጉር ላይ ሂና ደግሞ ያው ብርቱካን ነው። የልጅ ልጆቿ "ጀዘር" ይሏታል፤ ካሮት ማለት ነው። እሷም አብራ ትስቃለች። ብቻዋን መስታወት ፊት ስትቀመጥ ግን አትስቅም።

የትልቋ የልጅ ልጇ ሠርግ ሐሙስ ሊሆን፣ ቅዳሜ ጠራችኝ። ፀጉሯን ድፍን ጥቁር ማድረግ በሃይማኖታቸው እንደማይወደድ፣ ሂና በከተም ግን የቀደሙት ሰዎችም ያደርጉት እንደነበር ነገረችኝ። ከተም እንደ ሂና ተፈጭቶ ከአጣሩ፣ ማለትም ቅጠላ ቅጠል ከሚሸጠው ሰው የሚገዛ አረንጓዴ ዱቄት ነው። መጀመሪያ ሂና፣ በላዩ ከተም ሲሆን፣ ፀጉሩ እንደ በሰለ ተምር ይሆናል አለችኝ።

"ከተም ታውቂያለሽ አይሻ?"

"አውቃለሁ ማማ" አልኩ።

አላውቅም ነበር። ግን ማዳም ሠርጉ እንዳለፈ የመውጫና የመመለሻ ወረቀቴን፣ ኹሩጄን፣ እንደምታስጨርስልኝ ቃል ገብታለች። ቃልኪዳንን ጥያት የሄድኩት በአንድ ዓመት ከመንፈቋ ነው። እናቴን እማ፣ እኔን ደግሞ "የስልኳ እማ" ነበር የምትለን። በዚያ ሳምንት ቤቱ ሁሉ ቁጡ ነበር፤ አላውቅም የሚል አንድ ቃል ሙሽኪላ፣ ጣጣ አስነስቶ ጉዞዬን የሚያስቀር መሰለኝ። ደግሞም ፈጽሞ የዋሸሁ አልመሰለኝም። አገሬ እያለሁ እንሶስላ ስንት ጊዜ ወቅጫለሁ። እንሶስላ ሥሩን ወቅጠው፣ እጅና እግር ላይ ጠቅልለው፣ በቆየ ቁጥር ይደምቃል። ቀለም ሁሉ እንደዚያ ነው ብዬ አመንኩ።

ስለዚህ ሰኞ አመሻሽ ሂናውንም ከተሙንም በአሮጌ ሻሽ ነፋሁ። ሁለቱንም በየሳህናቸው በሻይ ውኃና በሎሚ በጠበጥኩና ሸፍኜ አሳደርኳቸው። ማክሰኞ ጠዋት ሂናውን ቀባኋት፤ ከሦስት ሰዓት በኋላ ሲታጠብ እሳት መሰለ። ደግ ነው ብዬ ከተሙን ደረብኩበት። ያም ሲታጠብ እሳቱ እንዳለ ነበር፤ የተጨመረው እንደ ኩሬ ውኃ ያለ አረንጓዴ ጥላ ብቻ ነው።

"እንዴት ሆነ?" አለች ማማ።

"ሲደርቅ ይታያል" አልኩና ራሷን በሻሽ ጠቀለልኩት። መነጽሯን ከአጠገቧ አንስቼ መደርደሪያው ላይ አስቀመጥኩት። ይህን ያደረገው እጄ ነው፤ እኔ አላዘዝኩትም ማለት እወድ ነበር።

የቤቱ ትንሿ ልጅ ሪም ያን ጊዜ አሥራ ሰባት ዓመቷ ነው። ሻሹን በጣቷ ገለጥ አድርጋ አየችና እጄን ይዛ ወደ ወጥ ቤት ወሰደችኝ። ከቦርሳዋ ፓኬት አወጣች። ጥቁር ሂና ነው፣ ሰብጋ አይደለም፣ ግማሽ ሰዓት ኸላስ፣ በቃ፣ ማንም አያውቅም አለችኝ። ክፋት የለባትም፤ ያዘነችልኝ መስሏት ነው። እኔም ለመጠንቀቅ ብዬ አፍንጫ ከሚወጋው ዱቄት በውኃ ለወስኩና ከግራ ክንዴ ውስጠኛው በኩል የተምር ፍሬ የምታህል ቀባሁ። በግማሽ ሰዓት ታጥቤ ሳየው እንደ ቀለም እስክሪብቶ ጠቁሯል። አላሳከከኝም፤ አልቀላም። ምንም አላለኝም። እኔን ምንም ካላለኝ እሷንም ምንም አይላትም አልኩና የተበጠበጠውን ይዤ እስከ ማማ በር ሄድኩ።

በሩ ገርበብ ብሏል። ማማ ሻሿን እንደጠመጠመች ተቀምጣ እሸት ተምር ትለቅማለች። በዚያ በሚንቀጠቀጥ እጇ ፍሬውን እያወጣች ለስላሳ ለስላሳውን አንድ ሳህን ላይ ትለያለች። ሁልጊዜ እንዲያ የምትለየው ለእኔ ነበር። ቆምኩ። ያበጠው ፊት የእሷ እንጂ የእኔ አልነበረም፤ ታዲያ የእኔ ክንድ ስለ እሷ ፊት ምን ያውቃል? ተመልሼ የያዝኩትን ማጠቢያው ውስጥ ደፋሁት። ፓኬቱን ግን ሪም እንዳትያዝ ብዬ ሽርጤ ኪስ ከተትኩት፤ ደረጃው ላይ ልጥለው የቆሻሻ ከረጢት ይዤ ወጣሁ።

ደረጃው ላይ ሰዓዳን አገኘኋት። ሰዓዳ ከሚሴ የተወለደች፣ ከላይኛው ፎቅ የምትሠራ ጓደኛዬ ናት፤ በቀን አንዴ በቆሻሻ ሰበብ እንገናኛለን።

"ፊትሽ ምን ሆኗል? ኹሩጅሽን ቀደዱብሽ እንዴ?"

ነገርኳት። ከረጢቷን መሬት አስቀመጠች።

"ከተሙን መቼ በጠበጥሽው?"

"ትናንት፣ ከሂናው ጋር። በሎሚ።"

"አሳደርሽው? አንቺ ሴት፣ እንሶስላ መሰለሽ? ከተም ወላሂ አያድርም። ለብ ያለ ውኃ፣ ቁንጥር ጨው፣ ሩብ ሰዓት፣ ከዚያ ወዲያው ራስ ላይ። ሎሚ ከነካውማ ሞቶ ነው የሚቀርብልሽ።" ልሄድ ስል መልሳ ያዘችኝ። "ስታጥቢው አረንጓዴ ሆኖ ብታዪው አትደንግጪ። የሚያጠቁረው ነፋስ ነው። እስከ ማግስቱ ሻምፖ አታስነኪው።"

"ማዳም አይታ ብትጮህስ?"

"እሷን ሻምፖ አስነኪያት" አለችና እየሳቀች ወጣች። እኔም በድንጋጤዬ መሐል ስቄ፣ ፓኬቱን መጣሉን ረስቼው ገባሁ።

ከዚያ ያደረግሁትን ለማድረግ ከደረጃው እስከ ማማ ክፍል ድረስ ሦስቴ ሐሳቤን ቀይሬያለሁ። መነጽሯን ከመደርደሪያው አምጥቼ ሰጠኋትና እግሯ ሥር ተቀመጥኩ። "ማማ፣ አበላሽቼዋለሁ። ከተም አላውቅም ነበር። አውቃለሁ ያልኩሽ ፈርቼ ነው።"

መስታወቷን አስመጣች። ሻሹን ፈታች። ብዙ አየች።

"ጀዘር በሰላጣ" አለች።

ልሳቅ ወይ ላልቅስ አላወቅሁም። ምን እንደፈራሁ ጠየቀችኝ። ስለ ልጄ፣ ስለ ወረቀቱ፣ "የስልኳ እማ" ስለ መባሌ ነገርኳት። የተምሩን ሳህን ወደ እኔ ገፋችና ነገ እንደገና እንሞክራለን አለች። ስለ ፓኬቱ አልነገርኳትም፤ ሪምን ማሳጣት መሰለኝ።

ረቡዕ ጠዋት ሰዓዳ እንዳለችኝ አደረግሁ። በሩብ ሰዓቱ ከተሙ ላይ ከላይ ሰማያዊ ነገር ሲንሳፈፍ ሳየው ሕይወት እንዳለው አወቅሁ። ቀብቼ፣ ቆይቼ፣ እጅጌዬን ሰብስቤ ማጠብ ጀመርኩ። አረንጓዴ ነው። እንደ ባሕር ሣር ያለ፣ የጠቆረ አረንጓዴ። አትደንግጪ ተብያለሁ፤ ግን ደነገጥኩ። በዚያች ቅጽበት ማዳም የሠርግ ልብሷን ከልብስ ሰፊው ይዛ ገባች።

መጀመሪያ የማማን ራስ አየች። ቀጥሎ የእኔን ክንድ፣ ያቺን ጥቁር ነጥብ። ቀጥሎ ከሽርጤ ኪስ ብቅ ያለውን ፓኬት። ስባ አወጣችው፤ ተቀዷል።

"ሰብጋ" አለች። አልጮኸችም። ብትጮህ ይሻለኝ ነበር።

ለባባ ደውላ ማማን ሆስፒታል እንዲወስድ መኪና ይዞ እንዲመጣ ነገረችው። እኔን ልብሴን እንዳስር፣ ወደ መክተብ፣ ወዳመጣኝ ቢሮ እንደምመለስ ነገረችኝ። የታየኝ ልጄ አይደለችም፤ የታየኝ ልጄ ፊት የተያዘ ስልክ ነው፣ ሌላ ሦስት ዓመት።

ማማ ጠብታው በአንገቷ እየወረደ እጇን አነሳች። "ይህች ልጅ ትናንት እዚህ ተቀምጣ አበላሸሁ ብላኛለች። መነጽሬ በእጇ ነበር። መደበቅ ብትፈልግ የምትደብቀው ትናንት ነው" አለች። ከዚያ ፊቷን ወደ ማዳም አዞረች። "እዪኝ። አብጫለሁ?"

ማዳም ገና ሳትመልስ ሪም ከበሩ ሥር በቀጭን ድምፅ ፓኬቱን የገዛችው እሷ መሆኗን፣ እኔም ማማን እንዳልቀባኋት ተናገረች።

ማዳም ልብሴን እንዳስር ያለችውን አላነሳችውም፣ አልደገመችውምም። ባባ እንዲቆይ ደወለችና ወንበር አምጥታ ማማ ፊት ተቀምጣ ከሰዓቱን ሙሉ ፊቷን ስትጠብቅ ዋለች። እኔም ከጀርባዋ ቆሜ ጠበቅሁ። እንዳልቀባኋት እያወቅሁ፣ የማማ ዓይን ሥር ያለችው ጥላ ያበጠች እየመሰለኝ ስፈራ ዋልኩ። ሐሙስ ጠዋት ሻሹን ስንፈታው ፀጉሩ ጠቁሯል። ድፍን ጥቁር አይደለም፤ ብርሃን ሲያገኘው ቀላ የሚል፣ ልክ እንደ በሰለ ተምር። ማዳም ይቅርታ አልጠየቀችኝም። ልትወጣ ስትል ዞር ብላ "ለኹሩጁ ፎቶ ያስፈልጋል" አለችኝ። ለእኔ ይቅርታዋ እሱ ነበር።

ፓኬቱ ግን አልተወኝም። በአሥረኛው ቀን፣ ሻንጣዬን ሳስር፣ ያቺ ነጥብ ማሳከክ ጀመረች። ደማም አየር ማረፊያ ስደርስ ክንዴ እስከ ክርኔ አብጦ ውኃ ቋጥሮ ነበር። ያ ነገር ማማን ነክቷት ቢሆን ኖሮ አሥር ቀን የምትጠብቅ አይመስለኝም። አገሬ የገባሁት ክንዴን በፋሻ ጠቅልዬ ነው። ልጄ ከእናቴ ቀሚስ ኋላ ሆና አየችኝ። በአካል ተገናኝተን የጠየቀችኝ የመጀመሪያ ጥያቄ "ምን ሆነሽ ነው?" የሚል ነበር። ለሕፃን ምን ይባላል? "ተቃጠልኩ" አልኳት። ዛሬም ክንዴ ላይ የተምር ፍሬ የምታህል ነጣ ያለች ምልክት አለች። ካውያ ያቃጠለኝ እየመሰላት አደገች፤ እኔም አላረምኳትም።

ቅዳሜ ዕለት ይህን ሁሉ የነገርኳት ፓኬቱ ጭኔ ላይ እንዳለ ነው። መጀመሪያ ላይ ጀዘር በሰላጣ ስል ስቃ ነበር። እየቆየች እጅጌዋን ወደ ታች ትጎትት ጀመር። ስጨርስ፣

"ከስንት ቀን በኋላ ነው ያበጠብሽ?" አለችኝ።

"ከአሥር ቀን።"

ቀስ ብላ የሹራቧን እጅጌ ሰበሰበች። ክርኗ ውስጥ፣ ለስላሳው ቦታ ላይ፣ ጥቁር ነጥብ አለች።

"አንቺ ሁሉን ነገር ትፈሪያለሽ ብዬ ቀድሜ በራሴ ሞክሬልሽ ነው። ምንም አላለኝም።"

በሳሙና አጠብኩላት፤ እንደማይለቅ እያወቅሁ አጠብኩ። ጤና ጣቢያም ወስጃታለሁ፤ የሚታይ ነገር የለም፣ ካሳከካት መልሺያት ብለውኛል። ፈሪ እናት ነኝ፤ ምጣድም፣ መንገድም፣ ዝናብም እፈራላታለሁ። ጥንቃቄዬን ትወርሳለች ብዬ ስጠብቅ እንዲህ አድርጋ ወረሰችው። አሁን የሚቆጨኝ ፍርሃቴ አይደለም። ለባዕድ አሮጊት እግሯ ሥር ተቀምጬ የተናገርኩትን ለገዛ ልጄ ሳልናገር ይህን ያህል ዓመት መቆየቴ ነው።

ዛሬ አምስተኛ ቀኑ ነው። ጠዋት ጠዋት ወደ ትምህርት ቤት ከመሄዷ በፊት ሳልጠይቃት መስኮቱ ጋ ትመጣና እጅጌዋን ትሰበስብልኛለች። ሁለታችንም ጎንበስ ብለን እናያለን።