የእብነ በረዷ ልጅ ጉንጉን

እዚህ አሜሪካ ከሲልቨር ስፕሪንግ አሌክሳንድሪያ እየተመላለስኩ ሆም ኬር የምሠራላቸው፣ ቤታቸው ሆኜ የምንከባከባቸው ሴትዮ ዕድሜያቸውን ሙሉ የእንግሊዝ ቅርጻ ቅርጽ ሲያጠኑ የኖሩ ምሁር ናቸው። ዓይናቸው ከደከመ ወዲህ የሐውልቶቹን ፎቶግራፍ እያየሁ የምነግራቸው እኔ ሆንኩ።

መጀመሪያ ሰሞን «ቆንጆ ሴት ናት» ስላቸው ይስቁ ነበር።

«ቁንጅናዋን ተዪውና ያየሽውን ንገሪኝ።»

የአፍንጫ ክንፍ፣ የጨርቅ እጥፋት፣ መሮ ያለፈበት ጭረት፤ ቀስ በቀስ ዓይኔ ለመደ። ባቡር ውስጥ ሳይቀር የማላውቀውን ሰው ጆሮ አፍጥጦ የማየት አመል አወጣሁ።

ያኔ የሚጽፉት ስለ አንዲት ከእብነ በረድ ስለተቀረጸች ልጃገረድ ነበር። የአንድ ስመ ጥር ቀራጭ ሥራ ናት ሲባል ኖሯል። እሳቸው ግን እሱ ዘንድ ተቀጥራ ትሠራ የነበረች ሴት ሳትሆን አትቀርም የቀረጸቻት ብለው ይጠረጥራሉ። ማስረጃ ግን አጡ። ያቺ ተቀጣሪ ስሟን የጻፈችበት አንድ ትንሽ ሐውልት ብቻ ነው ያለው።

አንድ ቀን የሁለቱን ሐውልቶች የጀርባ ፎቶ ጎን ለጎን አስቀመጥኩ። አዲስ አበባ ሳለሁ ፀጉር ቤት ነበር የምሠራው፤ ሳላስበው ጣቶቼ አየር ላይ መጎንጎን ጀመሩ።

«ምነው ዝም አልሽ?» አሉኝ።

«ጉንጉኑ ይለያል። ብዙ ሰው የዳሩን ዘለላ በመሐለኛው ላይ ነው የሚያሳልፈው። እዚህ ግን በሥር ነው የገባው። በሁለቱም ላይ።»

«የሰውየው የራሱ ሥራዎች ላይስ?»

ያሉትን ፎቶዎች ሁሉ አገላበጥኩ። «በላይ ነው። ሁሉም በላይ።»

«በእኔ ፀጉር አሳዪኝ» አሉ። ስስ ሽበታቸውን ለሁለት ከፍዬ አንዱን በላይ፣ አንዱን በሥር ጎነጎንኩላቸው። በጣታቸው ደጋግመው ዳሰሱት።

«ይሄን ሁሉ ዓመት ፊቷን ብቻ ነበር የማየው» አሉ።

ጽሑፉን ያነበበ አንድ ባልደረባቸው ጉንጉን ብቻውን አያስረዳም ብሎ ጻፈላቸው። አልከፋቸውም፤ «እውነቱን ነው» ብለው «ምናልባት» የምትል ቃል አስጨመሩኝ። ሲታተም በግርጌው ላይ ይህን ያየችው ፀጉር ሠሪ መሆኗን ገልጸው ስሜን ከነአባቴ አስፍረውታል። ልጄ ሁለቴ አንብባው በእንግሊዝኛ «እውነት አንቺ ነሽ?» አለችኝ።

በሳምንቱ ይዣት ሙዚየም ሄድኩ። ጥበቃው ዓይኑን እስኪጥልብን ድረስ ከሐውልቶቹ ኋላ ኋላ ስንዞር ዋልን።