አንድ፣ አራት፣ ሦስት፣ ሁለት

ሊወስዱን ሲመጡ እጄ በዘይትና በጥላሸት ጠቁሮ ነበር። እንድታጠብ ጠየቅሁ። ድምፄ አልተሰማ ይሆናል። እንደ ቆሸሽሁ ከአባቴ ጎን ጭነው ወሰዱኝ።

እሑድ ቀን ነበር። የደርግ መጨረሻ ዘመን ነው፤ ቤንዚን በኩፖን ይታደላል፣ እሑድ ደግሞ የቤት መኪና መንዳት ክልክል ነው። ስለዚህ አባቴ መኪናችንን የሚጠጋግነው በዚያ ቀን ነበር። ሹም አቦ ሰፈር በነበረው ቤታችን ግቢ፣ ከማንጎው ሥር እናቆማታለን። ሞተሯ ከኋላ የሆነ፣ ጎባጣ፣ ትንሽ መኪና ናት። አባቴ በፋብሪካ የንብረት ክፍል ጸሐፊ ነበር። ዓይኑ ስለ ደከመ ብሎን የሚፈታው በእኔ እጅ ነው። እኔ ስድስተኛ ክፍልን ጨርሼ፣ እናቴ ስትታመም ከትምህርት ቤት ቀርቼ ቤት እውል ነበር። ከሰው ጋር ማውራት ያስፈራኛል። ከሞተር ጋር ግን ማውራት አያስፈልግም።

ካንዴላ ማለት በሞተሩ ውስጥ እሳት የምትረጭ፣ ጣት የምታህል ነገር ናት። የእኛ መኪና አራት ካንዴላ አላት፤ ለእያንዳንዷ አንድ ወፍራም ሽቦ ይመጣላታል። አባቴ አዲሶቹን ከአዲስ አበባ በሰው አስመጥቶ ነበር። «አንዷን ፈትተሽ አንዷን እሰሪ፤ ሽቦው እንዳይምታታብሽ» አለኝ። እኔ ቸኩዬ አራቱንም በአንድ ጊዜ ነቀልኋቸው። አራቱ ሽቦዎች ተንጠለጠሉ፤ የትኛው የየትኛው እንደሆነ ጠፋኝ።

አባቴ አልተቆጣም። «ወረቀት አምጪ» አለኝ። «ሁለተኛ እንዳትረሺው ራስሽ ጻፊው።» አንድ ትልቅ ክብ ሣልሁ፤ እሳቱ ለአራቱ የሚከፋፈልበት ክዳን ነው። ከእሱ ወደ አራት ትንንሽ ክቦች መስመር አወጣሁ። ከሥሩ እሳቱ የሚደርስበትን ተራ ጻፍሁ፦ አንድ፣ አራት፣ ሦስት፣ ሁለት። ወረቀቱን አጥፌ ቀሚሴ ኪስ ውስጥ ከተትሁት።

በሩ የተንኳኳው ከዚያ በኋላ ነው። ጦርነቱ ከጎንደር በኩል እየቀረበ ስለነበር የግለሰብ መኪና ለዘመቻ ይሰበሰብ ነበር። የእኛንም ሊወስዱ ሁለት ወታደሮች መጥተው ተፈታትታ አገኟት።

«መኪና እንደሚወሰድ ሰምታችሁ ነው የነቀላችሁት» አለ አንደኛው። «ይኼ አሻጥር ነው።»

«እሑድ ስለሆነ ነው ጌታዬ» አለ አባቴ።

«እሑድና ካንዴላ ምን አገናኛቸው?»

ሲፈትሹኝ ወረቀቱን አገኙት። ሰውየው ገልጦ አየውና ለጓደኛው ሰጠው። ከዚያ በኋላ ስለ መኪናዋ የጠየቀን የለም። መኪናዋንም፣ ካንዴላዎቹንም፣ እኛንም ወሰዱ።

ያሰሩን ሐይቁ ዳር ከነበረ አሮጌ መጋዘን ውስጥ ነው። ድሮ ከዘጌ በጀልባ የመጣ ቡና ይከማችበት ነበር አሉ። ወንዶቹ በአንድ በኩል፣ እኛ ስድስት ሴቶች በሌላ በኩል ነን። ግድግዳው ወዝቷል። የምንተኛበት ከሐይቁ ደንገል የተሠራ ምንጣፍ ከሥሩ ሻግቷል። አንዲት ከፍ ያለች መስኮት አለች፤ በእሷ የሚገባው የውሃው ድምፅና የዓሣ ሽታ ነው።

ከሴቶቹ አንዷ የቁንዝላ ነጋዴ ነበሩ፤ ጎልማሳ፣ እስላም። በጀልባ ያመጡትን እህል ለወንበዴ አቀብለዋል ተብለው ነው የታሰሩት። ሌላዋ ከገጠር ክሊኒክ የመጣች ጤና ረዳት ናት። የታሰረችው ቁስል አሽጋ ነው። «የማን ቁስል ነው? ይሉኛል» ትላለች። «ቁስል ስሙን ይናገራል እንዴ?» ሃያ ስድስት ዓመቷ ነበር። እኔ እታለም እላታለሁ። እሷ ደግሞ እጄን አይታ በመጀመሪያው ቀን «ሜካኒኳ» የሚል ስም አወጣችልኝ። ነጠላዋን ለሁለት ሆነን እንለብስ ነበር።

የእሷ ጉዳይ አልቋል። ጉዳያቸው ያለቀ ሰዎች ወደ ሌላ ቦታ ይወሰዳሉ፤ ከዚያ የተመለሰ ሰው ግን አላየንም። እስካሁን ያልተወሰደችው መኪና ስለሌለ ነው። የግቢው መኪኖች ሁሉ ወደ ጦር ግንባር ሄደዋል። ዘበኛችን የማክሰኝት ሰው ናቸው፤ ሽማግሌ። ማታ በሩን ሊቆልፉ ሲመጡ ትጠይቃቸዋለች።

«አባባ፣ መኪናዬ መጣች?»

«እግዜር ያዘግያት» ይላሉ፤ ይቆልፋሉ።

እኔን የሚመረምረኝ አንድ ሻምበል ነበር። ወረቀቷን ጠረጴዛው ላይ ይዘረጋታል። «መካከል ያለው ማን ነው? አራቱስ እነማን ናቸው? መልእክቱ ከአንደኛው ወደ አራተኛው የሚዘለው ለምንድን ነው?» ይለኛል። የመኪና ነው እላለሁ። «ጮክ በይ» ይላል። እሱ በጮኸ ቁጥር የእኔ ድምፅ ይጠፋል። የማያምነኝ አንዱ ለዚህም ይመስለኛል፤ እውነት የሚናገር ሰው እንደ እኔ አያንሾካሹክም። አባቴም የመኪና ነው ብሎ ነበር። አንድ ጠዋት ውሃ ሲቀዳ አየሁት። በእግሩ ጠርዝ ነበር የሚራመደው።

በአሥራ ሁለተኛው ቀን ረፋድ ላይ ግቢው ውስጥ ተተኮሰ። አንድ ጊዜ፣ ከዚያ ደግሞ አንድ ጊዜ። ሁላችንም ምንጣፉ ላይ ተጋደምን። ነጋዴዋ በከንፈራቸው ዱአ ያደርጋሉ። ጥቂት ቆይቶ በሩ ተከፈተ።

«የመኪናዋ ልጅ፣ ተነሽ» አሉ ዘበኛው።

«ማን ላይ ነው የተኮሱት?» አሉ ነጋዴዋ።

«መኪናዋ ናት የተኮሰችው። ሻምበሉም እኛም መሬት ላይ ነበርን። አሁን ልብሳቸውን እያራገፉ ነው።»

ሴቶቹ ሳቁ። እኔ አልሳቅሁም። ሽቦዎቹ ተምታተው እንደ ታሰሩ ገባኝ፤ እሳቱ ጊዜውን ስቶ ሲመጣ በጭስ መውጫው ይተኩሳል። ምን ሊያሠሩኝ እንደጠሩኝም ገባኝ። ቆሜ ጤና ረዳቷን አየኋት።

«ምን ያዘሽ?» አለችኝ።

«እታለም፣ ከተነሣች እኮ...»

«አውቃለሁ።» ሻሼ ተንሸራቶ ነበር፤ አስተካከለችልኝ። «አባትሽ ነው። ሂጂ።»

ነጋዴዋ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ።

መኪናችን ግቢው መካከል ቆማለች፤ የኋላ ክዳኗ ተከፍቷል። አባቴን አውጥተው አጥሩ ሥር አስቀምጠውታል። ከዚያ ርቀት ማየት እንደማይችል ስለማውቅ «አባባ፣ እኔ ነኝ» አልሁት። ሻምበሉ ወረቀቷን ይዟል። አጠገቡ የግቢው ሹፌር በላብ ተጠምቆ ይቆጣል።

«አሥራ ስምንት ዓመት ከባድ መኪና ነድቻለሁ፤ እንዲህ ያለ ተንኮል አላየሁም። ሽቦውን በሥርዓቱ ነው ያሰርኩት፣ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት። መኪናዋ ውስጥ አንድ ነገር አድርገውባታል።»

«ከባዱ የሚሄደው በናፍጣ ነው» አልሁ። «ካንዴላ የለውም።»

በዚያ ግቢ ውስጥ ለእነሱ ጮክ ብዬ የተናገርሁት የመጀመሪያው ቃል ነው። አንድ ወታደር ሳቀ። ሻምበሉ ወደ ሹፌሩ ዞረ።

«እውነቷን ነው?»

ሹፌሩ እጁን በሱሪው ጠረገ። «ናፍጣ ነው» አለ።

ሻምበሉ ወረቀቷን ዘረጋት። «የመኪና ከሆነ በዚህ አስነሺያት። ከተነሣች አባትሽ የተናገረው እውነት ነው። ካልተነሣች ሁለታችሁም የት እንደምትሄዱ ታውቂያለሽ።»

ሽቦዎቹን ሁሉ ነቅዬ ካንዴላዎቹን ፈታሁ። ሹፌሩ አንዷን አጣሞ አስገብቷታል። ካንዴላ መጀመሪያ በጣት ነው የሚታሰረው፤ በመፍቻ ከተጀመረ ጥርሱን ይበላዋል። እንደ ገና በጣቴ፣ በቀስታ አስገባኋት። ውስጠኞቹን ሁለት ካንዴላዎች ዓይን አያያቸውም፤ በዳሰሳ ነው። ሁሉንም አጥብቄ ሳበቃ ሻምበሉ ከወረቀቱ አነበበ።

«አንድ።» ክዳኑ ጠርዝ ላይ ምልክት አለ፤ ከዚያ ጀምሬ የመጀመሪያውን ሽቦ አገባሁ። «አራት።» አገባሁ። «ሦስት።» አገባሁ። «ሁለት።»

የመጨረሻውን ሽቦ ይዤ ቆየሁ። ጫፉን ሳላጠብቅ ብተወው ሞተሩ እየተንቀጠቀጠ ይቀር ነበር፤ ከዚያ ሁሉ ሰው ማንም አያውቅብኝም። መኪናም የለም ማለት ነው። አባቴ አጥሩ ሥር ጫማ የሌለው እግሩን ሰብስቦ ተቀምጧል።

«ምን ትጠብቂያለሽ?» አለ ሻምበሉ።

ሽቦውን ገፋሁት። ቀጭ ብሎ ገባ።

ሹፌሩ ቁልፉን ሲያዞር ተነሣች። አዲስ ካንዴላ የገባለት ሞተር ድምፁ ንጹሕ ነው። አባቴ ድምፅዋን ሲሰማ ቀና አለና ሳቀ። ሻምበሉ ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተ። «የአባትሽ ጉዳይ ይታያል» አለኝ። ከዚያ ወደ ሹፌሩ ዞሮ «ቤንዚን ቅዳ፤ ከሰዓት በኋላ ትሄዳለህ» አለው።

ወደ ክፍላችን ተመለስሁ። ሴቶቹ የሞተሩን ድምፅ በመስኮቷ ሰምተዋል። ጤና ረዳቷ የመጠጥ ውሃዋን አወጣች፤ ከቀሚሷ ጠርዝ ጨርቅ ቀደደችና አርሳ ጣቶቼን አንድ በአንድ ትጠርግልኝ ጀመር።

«ውሃሽን አትጨርሺው» አልኋት።

«ለማን ላስቀምጠው?»

ይቅርታ ልጠይቃት አስቤ ነበር። ሳልጀምር እጄን አጽድታ ጨረሰች።

ከሰዓት በኋላ ዘበኛው መጡ። በሩን ከፍተው ቆሙ።

«መጣች አይደል አባባ?» አለቻቸው።

«መጣች ልጄ።»

ነጠላዋን ትከሻዬ ላይ ጣል አደረገችልኝ። ነጋዴዋን ጉልበታቸውን ስማ ወጣች። ከእሷ ጋር ሁለት ወንዶች ነበሩ፤ ሦስቱን የኋላ ወንበር ላይ አጣበቧቸው። አባቴ ከትምህርት ቤት ሲያመጣኝ የምቀመጥበት ወንበር ነው።

መኪናዋ ግን አልተነሣችም። ሹፌሩ ነዳጁን ደጋግሞ ረግጦ አጥግቧታል። የቁልፉ ድምፅ እየደከመ ሲሄድ እሰማለሁ። በሩ እንደ ገና ተከፈተ፤ አሁን የመጣው ሻምበሉ ራሱ ነው።

«ነይ ውጪ። ምን ሆና ነው?»

ወጣሁ። «ቤንዚን በዝቶባት ነው» አልሁ።

«አስነሺያት።»

«አላስነሣም።»

የሰማኝ አልመሰለኝም ነበር። ሰምቶኛል። «አታውቂበትም?» አለኝ።

«አውቃለሁ። አላስነሣም።»

«የአባትሽ ጉዳይ ገና አላለቀም እኮ።»

ይህን እኔም አስቤው ነበር። መሬት ላይ ተቀመጥሁ። እጆቼን ቀሚሴ ውስጥ ሸሸግኋቸው። በጥፊ መታኝ፤ ጆሮዬ ጮኸ። እንደ ገና መታኝ። ከዚያ ጊዜ አላጠፋብኝም። «ግፏት» አላቸው ወታደሮቹን።

መግፋቱ ቀላል አልነበረም፤ ግቢው ወደ በሩ አቀበት ነው። ሽማግሌው ዘበኛም አብረው ገፉ። ሁለት ጊዜ ወደ ኋላ ተንከባለለችባቸው። ይህ ሁሉ አሥር ደቂቃ ያህል ቢወስድ ነው። ጤና ረዳቷ በሐይቁ በኩል ባለው የመኪናዋ መስኮት አጠገብ ተቀምጣ ነበር። ከውሃው ንፋስ ይመጣል፤ አንድ ሰው ደንገል በታንኳ ጭኖ ቀስ እያለ ወደ ዳር ይቀዝፋል። ሰውየው ዳር እስኪደርስ አየችው። ወደ እኔ አልዞረችም። በሩ ጋ ሲደርሱ ሞተሩ ተነሣ፤ ሄዱ።

ለእሷ ያገኘሁላት አሥር ደቂቃ ነው። የሰጠኋቸው ደግሞ መኪናዋን ነው።

በሦስተኛው ሳምንት አባቴንና እኔን ለቀቁን። መኪናችን አልተመለሰችም። ደርግ ሲወድቅ የቁንዝላዋ ነጋዴ ተፈትተው አዲስ ነጠላ ይዘውልኝ መጡ፤ የሷን ነጠላ አይተካም፣ ብቻ ልበሽው አሉኝ። ጤና ረዳቷ የነበረችበት ክሊኒክ ድረስ ሄጄ ጠይቄያለሁ። ወንድሟ ቀድሞኝ ጠይቆ ተመልሷል አሉኝ። ወንድሟን ግን አልፈለግሁትም። ብዙ ጊዜ ተነሥቼ፣ መንገድ ጀምሬ ተመልሻለሁ። ምን እለዋለሁ?

አባቴ ዛሬ ጡረታ ወጥቷል። እንግዳ ሲመጣ የሚያጫውተው አንድ ታሪክ አለው። ሻምበሉ መሬት ላይ እንዴት እንደ ተኛ፣ ሹፌሩ «ናፍጣ ነው» ሲል እንዴት እንዳፈረ፣ ሰው ፊት ቃል የማይወጣት ልጁ ያን ሁሉ ወታደር እያስቆመች መኪናዋን እንዴት እንዳስነሣቻት ያወራል። የሞተሩን ድምፅ በአፉ ያሰማቸዋል። ያን ቀን ከሰዓት በኋላ እሱ ወደ ክፍሉ ተመልሶ ስለነበር የሆነውን አላየም። እኔም አልነገርሁትም።

«ከዚያስ?» ይሉታል።

«ከዚያማ ተፈታን» ይላል አባቴ።

እንግዶቹ ይስቃሉ፤ ወደ እኔ ዞረው ጎበዝ ይሉኛል። አንገቴን ስደፋ ዓይን አፋር ስለሆንሁ ይመስላቸዋል።