መርዶ የማይላክባት ሬድዮ

ታላቅ ወንድሜ የገጣጠማት ሬድዮ አሁንም መስኮቴ ላይ ናት። መዳፍ ውስጥ ትገባለች። ድምፅ አታስተላልፍም፤ አጭር ጽሑፍ ብቻ ነው። ያለ ስልክ ኔትወርክ፣ ከተራራ ተራራ እንደ እሷ ያሉ ሬድዮዎች እየተቀባበሉ ያደርሱታል። የምትሠራበት የኮምፒውተር ፕሮግራም ማንም በነፃ ወስዶ እንዲያሻሽለው የተተወ ነው። ወንድሜ ሰቆጣ ቤታችን ተቀምጦ የአማርኛ ፊደል ጨመረበት።

ደሃና ወረዳ ውስጥ ካለ አንድ መንደር አጠገብ፣ ኮረብታ ላይ ሬድዮ ሊተክል ሲሄድ አብሬው ነበርኩ። ሽማግሌዎች ተሰብስበው ጠበቁን።

«በዚህ ሽቦ መርዶም ይመጣል?» አሉት አንደኛው።

«ሽቦ እንኳ የለውም፣ አባባ።»

«ይባስ! ለነፋስ ልትሰጠው ነዋ።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እሳቸው አልሳቁም።

«መርዶ ሰው ሄዶ ነው የሚነግረው፤ በማለዳ፣ ዘመድ ባለበት። ብቻውን ሆኖ ያነበበውን ማን ይደግፈዋል?»

ወንድሜ ቃል ገባላቸው። ስለ በሽተኛ፣ ስለ መድኃኒት፣ ስለ መንገድ ይጻፋል። ሞት አይጻፍም።

በክረምት ከዚያው መንደር በላይ ያለው ተራራ ተንሸራተተ። የስልኩ ማማ ወደቀ። ወንድሜ ባትሪ ሊቀይር ሄዶ እዚያው ነበር። እኔ ሰቆጣ ሬድዮዋን ታቅፌ ተቀመጥኩ። ከሰዓት በኋላ ጽሑፍ መጣ።

«ቤቶች ተቀብረዋል። እግሩ የተሰበረ አለ። ምጥ የያዛት አለች። ቃሬዛ ላኩ።»

ሮጬ ለጤና ጣቢያው ነገርኩ። ሰዎች ወዲያው ተነሡ። ተመልሼ ጻፍኩ።

«አንተ ነህ?»

«አስተማሪው ነኝ።» ሬድዮ እንዲይዝ ወንድሜ ያሠለጠነው የመንደሩ አስተማሪ ነው።

«ወንድሜስ?»

መልስ መጣ።

«መንገዱ ሲከፈት ሰው ይመጣል።»

ደግሜ አነበብኩት። ቀጥሎ፣ ምጥ ለያዛት ሴት መኪና እስከየት እንደሚደርስ ጠየቀኝ። መለስኩለት። እሷ በሰላም ተገላገለች።

እናቴ «ደህና ነው አሉህ?» ስትለኝ፣ «ገና አልነገሩኝም» አልኳት። እውነት ነበር። አልነገሩኝም።

የመንደሩ ሰዎች መንገዱ ሳይከፈት፣ በእግር ናዳውን አቋርጠው መጡ። ማለዳ ነበር። እኚያ ስለ መርዶ የጠየቁት ሽማግሌ ከፊት ነበሩ፤ ልብሳቸው ጭቃ ነው። ደጅ ላይ እጄን ያዙኝ።

«አባባ፣ አውቄያለሁ» አልኳቸው።

«ማወቁንስ አውቀሃል፣ ልጄ» አሉ። «ያወቅኸው ግን ብቻህን ሆነህ ነው።»

ያን ጊዜ አለቀስኩ። እሳቸው ደገፉኝ። ዘመዶች እስኪሰበሰቡ ደጅ ቆየን። ከዚያ ወደ እናቴ ገባን። እኔ ከጎኗ ቆምኩ።