በሰም የታሸጉት ፊልሞች

ኦርቪል የእህቴ ባል ነው። ሠላሳ ዓመት በእኛ በቴነሲ ተራሮች ፖስታ ሲያድል ኖረ። ቅዳሜ ሲሆን ግን ከነድምፁ የሚቀርጸውን ካሜራ ተሸክሞ አሮጌው ትምህርት ቤት ይመጣል። እኛ እዚያ ባንጆና ቫዮሊን ይዘን የካንትሪ ዘፈናችንን እንዘፍናለን፣ ወለሉ እስኪጮህ እንጨፍራለን፤ እሱ ይቀርጻል። አንድ ቀን እንኳ ሲጨፍር አላየሁትም። "አንተ ሰውዬ፣ እግርህን ለማን ነው የቆጠብከው?" ብለን ስናበሽቀው፣ "እናንተ ጨፍሩ፣ እኔ ለማስታወሻ ላስቀራችሁ" ይለናል።

ከሁሉም አብልጦ የሚቀርጸው እህቴን ቨርሊንን ነበር። እሷ ስትዘፍን የሚያወራ ሰው አይገኝም። ከተማ ወርደሽ ሸክላ አስቀርጪ ብንላት፣ "ደግሞ ማን ሊሰማኝ!" ብላ እምቢ አለች። ድምፅዋ ያለው ኦርቪል ጋ ብቻ ነው።

ሙያዋማ አይወራ! ፎሶልያውንም ኮኩንም በጠርሙስ አሽጋ ታስቀምጣለች፤ ሦስት ክረምት ከርሞ ሲከፈት የትናንት ይመስላል። ኦርቪል ፊልሞቹን የት ላስቀምጥ ሲላት፣ "ወዲህ በል! አየር ያልገባበት ነገር አይበላሽም" አለችና እያንዳንዱን በቆርቆሮ ጣሳ ከትታ ከድና ጠርዙን በሰም ደፈነችው። ሰሙን እያቀለጥኩ ያቀበልኳት እኔ ነኝ። ምነው እጄን በቆረጠው!

አምና ሞተችብን። ማሳያው ማሽን ድሮ ተሰብሯል፣ ኦርቪልም ቆርቆሮዎቹን ብቻውን መክፈት ፈራ። "አንድ ጊዜ ድምፅዋን ልስማና ልሙት" ሲለኝ አንጀቴን በላው። እኔው ደብዳቤ ጽፌ፣ አሮጌ ፊልም ከጥፋት የምታድን ጆዲ የምትባል ልጅ ከዩኒቨርሲቲ አስመጣሁ።

ልጅቱ የመጀመሪያውን ቆርቆሮ በቢላ ፈልቅቃ ከፈተች። ኮምጣጤ! ቤቱ ሁሉ ኮምጣጤ ሸተተ። ፊልሙ ተጨማዶ እርስ በርሱ ተጣብቋል፤ ስትነካው እጇ ላይ ተሰባበረ። ሁለተኛውም እንደዚያው። አሥራ ዘጠኙም እንደዚያው።

"አባባ፣" አለች ወደ ኦርቪል ዞራ ቀስ ብላ፣ "እንዲህ ዓይነት ፊልም ሲያረጅ ኮምጣጤ ያተናል፤ መተንፈሻ ይፈልጋል። ሲታፈን የገዛ ትነቱ ይበላዋል። እንዲሁ መደርደሪያ ላይ ቢተዉት ኖሮ አብዛኛው ይተርፍ ነበር።"

"አሁንስ ምንም አይደረግለትም?" አለ ኦርቪል።

"ምንም።"

እኔ ጨርቅ ይዤ ንጹሑን ጠረጴዛ እወለውላለሁ። ኦርቪል ፍርፋሪውን በመዳፉ ሰብስቦ ወደ ቆርቆሮው ይመልሳል።

ልጅቱ በጠርዙ የቀረውን ሰም በጥፍሯ ፋቀችው። "ግን ማነው እንዲህ አድርጎ ያሸገው?" አለች።

አፌን ከፈትኩ። ኦርቪል ቀደመኝ።

"እኔ ነኝ" አለ። "ቨርሊንማ ተው ብላኝ ነበር።"